ውሃ የገባበት መድኃኒት፤ ስለ «ሦስተኛው ሰው» ፊልም ታሪክ

በኮልፌ ቀራንዮ ክፍለ ከተማ፣ ከጦር ኃይሎች ወደ አየር ጤና በሚወስደው መንገድ አጠገብ፣ ፊልም መሥራትን ሙያችን ያደረግን ጥቂት ወዳጆች ቅዳሜ ማታ እየተሰበሰብን የቈዩ ፊልሞችን መመልከት ከጀመርን ዓመታት ሆኖናል። አዳራሽ የለንም። ያለን ነገር ቢኖር በኖራ የተለቀለቀ አንድ ግድግዳ፣ አነስተኛ የፊልም ማሳያ መሣሪያና ከጎረቤት በውሰት የመጡ አግዳሚ ወንበሮች ናቸው። ጎረቤቶቻችንም ቡናቸውን ጠጥተው ሲጨርሱ ጋቢያቸውን ደርበው ይመጣሉ። አዲስ አበባ ሲኒማን መጀመሪያ ባየች ጊዜ ሕዝቡ ማሳያውን ቤት «የሰይጣን ቤት» ብሎ እንደ ሰየመው ይነገራል፤ የኛን ጎረቤቶች ግን ከሰይጣኑ ይልቅ የሚያስቸግራቸው የመብራቱ መጥፋት ነው።

ከነዚህ ጎረቤቶቻችን መካከል አያሌዎቹ ወይም ወላጆቻቸው ወደዚህ ሰፈር የመጡት በሕመም ምክንያት ነው። ዘነበወርቅ የተባለው ሰፈር ስሙን ያገኘው በልዕልት ዘነበወርቅ ስም ከተጠራው የሥጋ ደዌ ሆስፒታል ሲሆን፣ ይኸውም ዛሬ አለርት እየተባለ የሚጠራው ነው። ይህን አስቀድመን መናገራችን ያለ ምክንያት አይደለም። ከዚህ በታች የምንተርከው ፊልም የመድኃኒት ነገር ያለበት ስለ ሆነ፣ በየትኛው ወንበር ላይ ተቀምጠን እንዳየነው አንባቢው ቢያውቅ መልካም ይመስለናል።

ፊልሙ «ሦስተኛው ሰው» ይባላል። በ1949 የወጣ ነው (በዚህ ጽሑፍ ውስጥ «ዓ.ም.» ካልተባለ በቀር ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ናቸው)። አዘጋጁ እንግሊዛዊው ካሮል ሪድ፣ ደራሲው ደግሞ በልብ ወለድ መጻሕፍቱ ስሙ የታወቀው ግሬአም ግሪን ነው። በዚያው ዓመት በካን ከተማ የፊልም ውድድር ታላቁን ሽልማት አገኘ፤ ካሜራ አንሺው ሮበርት ክራስከርም የአሜሪካኖችን የኦስካር ሽልማት ተቀበለበት። በ1999 የብሪታንያ የፊልም ተቋም ባስደረገው ምርጫ ከእንግሊዝ ፊልሞች ሁሉ አንደኛ ተብሎአል። የሽልማቱን ነገር በዚሁ እንተወውና ወደ ራሱ ወደ ሥራው እንመለስ።

ይህን ዓይነቱን ፊልም ፈረንሳውያን «ፊልም ኗር» ይሉታል፤ ቃል በቃል ሲፈታ «ጥቁር ፊልም» ማለት ነው። ስያሜው የተለመደው በ1946 ነው። ጀርመን ፈረንሳይን ይዛ በነበረችበት ዘመን የአሜሪካ ፊልም ወደ ፓሪስ አይገባም ነበርና፣ ከነፃነት በኋላ በጦርነቱ ዓመታት የተሠሩት ሁሉ ተግተልትለው በአንድ ጊዜ መጡ። ተመልካቹ «የማልታው ጭልፊት»ን፣ «ላውራ»ን፣ የቢሊ ዋይልደርን የመድን ገንዘብ ግድያ ታሪክ፣ ሌሎችንም በጥቂት ሳምንታት ውስጥ በተከታታይ ሲያይ፣ አሜሪካ ከጦርነቱ በፊት ከሚያውቃት ይልቅ ጨልማ አገኛት። ኒኖ ፍራንክ የተባለው ጸሐፊ በዚያ በጋ ስለነዚህ ፊልሞች ሲጽፍ የተጠቀመበት ቃል ከዚያ ወዲህ በዓለም ሁሉ ጸንቶ ቀረ። እኛ ግን ቃሉን ወደ አማርኛ ስንመልስ ጥቂት አመንትተናል። ጥቁር ሕዝብ ሆነን ሳለ ክፉውን ነገር ሁሉ በጥቁር ስም መጥራት ከየት እንደ ለመደብን ሳናስብ የምንቀጥልበት ልማድ ነውና። ስለዚህ በዚህ ጽሑፍ «የጥላ ፊልም» እንለዋለን፤ ከመልኩም ጋር ይህ ይበልጥ ይስማማል።

የጥላ ፊልም ሌሊትን ይወዳል። መንገዱ በዝናብ ርሶአል፤ አንድ ብቸኛ ሰው ሊያውቀው የማይገባውን ነገር ለማወቅ ይባክናል፤ መጨረሻውም አያምርም። ይህን ጥበብ በአሜሪካ ካስፋፉት ሰዎች ብዙዎቹ ከሂትለር ሸሽተው የተሰደዱ የመካከለኛው አውሮፓ ተወላጆች ነበሩ። ፍሪትዝ ላንግ የተወለደው በቪየና ነው፤ ቢሊ ዋይልደርም በወጣትነቱ በዚያች ከተማ ጋዜጠኛ ነበር። ካሮል ሪድ በ1948 የፊልም ማንሻውን ይዞ ወደ ቪየና በሄደ ጊዜ እንግዲህ ጥላው ወደ ተወለደበት ቤት ተመለሰ ለማለት ይቻላል።

ቪየና ለኛም ፈጽማ ባዳ ከተማ አይደለችም። አያቶቻችን ቋጥረው ሲይዙትና ሲቀብሩት የኖሩት የማርያ ቴሬዛ ብር የመጣው ከዚያ ነው። እቴጌይቱ ያረፉት በ1780 ሲሆን፣ ከዚያ በኋላ የተመታው ብር ሁሉ የሚያሳየው ያንኑ 1780ን ነው። የገበያ ሰው ብሩን ሲቀበል ዝም ብሎ አይቀበልም፤ ያገላብጣል፣ በድንጋይ ላይ ጥሎ ድምፁን ያዳምጣል፣ በእቴጌይቱ ትከሻ ላይ ያለውን የጌጥ እንክብሎች ይቈጥራል። እንክብሉ የጐደለ ወይም የተፋቀ ከሆነ «ሌላ አምጣ» ይላል። ዳግማዊ ምኒልክ በራሳቸው መልክ ብር ባስመቱ ጊዜ እንኳ ነጋዴው የለመደውን ለመተው አልፈለገም ነበር። ሙሶሊኒም ይህን ስለ ተረዳ፣ አገራችንን ለመውረር በተሰናዳበት በ1935 የብሩን ማተሚያ ቅርጽ ከኦስትሪያ አስመጥቶ በሮም ያስመታ ጀመር። ወደዚህ ወሬ የገባነው ለመራቀቅ ሳይሆን፣ ሐሰተኛውን ከእውነተኛው የመለየት ነገር ኋላ ስለሚያስፈልገን ነው።

ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ቪየናን አራት መንግሥታት ተካፈሏት፤ አሜሪካ፣ ሶቪየት ኅብረት፣ እንግሊዝና ፈረንሳይ እያንዳንዳቸው አንድ አንድ ክፍል ሲይዙ፣ መካከለኛውን ከተማ በጋራ ያስተዳድሩት ነበር። ከአራቱም አገሮች አንድ አንድ ወታደር በአንድ ጂፕ ተሳፍረው፣ ሕግ እናስከብራለን እያሉ እርስ በርሳቸው ሳይግባቡ ይዘዋወራሉ። ይህ ሁኔታ የቈየው ኦስትሪያ ነፃነቷን እስከ ተመለሰላት እስከ 1955 ድረስ ነው። ነፃ አውጪው አስተዳዳሪ ሆኖ የተቀመጠበትን ከተማ የአዲስ አበባ ሰው ለመረዳት አይቸገርም። በ1933 ዓ.ም. ነፃ በወጣን ማግስት የእንግሊዝ የጦር ሹማምንት በአገሩ ጕዳይ ላይ ምን ያህል እጃቸውን እንዳስገቡ፣ ይህንንም ለማስቀረት በ1942ና በ1944 ሁለት ስምምነቶች እስኪፈረሙ ድረስ ምን ያህል እንደ ተደከመ በየትምህርት ቤቱ ተምረነዋል። የማርያ ቴሬዛ ብር፣ የጣሊያን ሊሬና የምሥራቅ አፍሪካ ሽልንግ በአንድ ገበያ ጐን ለጐን ይዞሩ ነበር፤ አዲሱ የኢትዮጵያ ብር የወጣው በ1945 ነው። ገንዘብ በበዛበትና ሹም በበዛበት ከተማ ደግሞ የድብቅ ገበያ መቼም አይጠፋም።

በቪየና የድብቅ ገበያ ከሚሸጠው ሁሉ የከበረው ፔኒሲሊን ነበር። አሌክሳንደር ፍሌሚንግ በ1928 ያገኘው ይህ መድኃኒት በብዛት ለሰው የደረሰው በጦርነቱ ዓመታት ሲሆን፣ በቪየና የሚሰጠው በወታደር ሆስፒታሎች ብቻ ነበር። አሌክሳንደር ኮርዳ የተባለው የፊልም ባለሀብት ስለ አራቱ መንግሥታት ከተማ ታሪክ እንዲፈልግለት ግሪንን በ1948 መጀመሪያ ወደ ቪየና ላከው፤ ደራሲውም በዚያ ሁለት ነገሮችን ሰማ። አንደኛው ከከተማይቱ በታች ከአንዱ መንግሥት ክፍል ወደ ሌላው ያለ ፈቃድ የሚያሻግር ሰፊ የፍሳሽ ቦይ መኖሩን ነው። ሁለተኛው ፔኒሲሊን ከሆስፒታል እየሰረቁ፣ ውሃ እየጨመሩና እያበዙ የሚሸጡ ሰዎች መኖራቸውን ነው። ፊልሙ የቆመው በነዚህ በሁለቱ ላይ ነው።

ታሪኩ ባጭሩ እንዲህ ነው። ሆሊ ማርቲንስ የሚባል ርካሽ የከብት ጠባቂ ልብ ወለድ የሚጽፍ አሜሪካዊ፣ የልጅነት ጓደኛው ሃሪ ላይም ሥራ ሊሰጠው ስለ ጠራው ቪየና ይደርሳል። ነገር ግን የሚደርሰው ለቀብር ነው፤ ላይም መኪና ገጭቶት ሞቶአል ይሉታል። ሬሳውን ሁለት ሰዎች አነሡት ሲባል፣ የቤቱ ዘበኛ ሦስተኛ ሰው አይቻለሁ ይላል። ማርቲንስ ይህን ሦስተኛ ሰው ሲፈልግ፣ የእንግሊዙ መኰንን ካሎዌይ ጓደኛው ማን እንደ ነበር ይነግረዋል፤ ያንን በውሃ የቀጠነ ፔኒሲሊን የሚሸጠው እርሱ ነበር። በኋላም ሞተ የተባለው ሰው አለመሞቱ፣ ሦስተኛውም ሰው ራሱ መሆኑ ይገለጣል።

የተገለጠበት አኳኋን በሲኒማ ታሪክ ውስጥ ከሚጠቀሱት ሁሉ የላቀ ነው ብንል የሚከራከረን ጥቂት ነው። ፊልሙ ከጀመረ አንድ ሰዓት አልፎአል። ሁሉ ሰው ስለ ላይም ያወራል፤ ላይም ግን የለም። ማርቲንስ ሰክሮ በሌሊት ጐዳና ላይ ቆሞአል። ከማዶ፣ በአንድ ደጃፍ ጨለማ ውስጥ፣ ድመት በሰው ጫማ ላይ ተሻሽታ ትቀመጣለች። ማርቲንስ ሲጮህ የተበሳጨች ጎረቤት ከፎቅ ላይ መስኮት ትከፍታለች፤ ብርሃኑም በደጃፉ ላይ ወርዶ የኦርሰን ዌልስን ፊት ያወጣዋል። እርሱም እንደ ተያዘ ሕፃን ፈገግ ይላል። መስኮቱ ሲዘጋ ጨለማው ይመለሳል፣ ከዚያም የሩጫ ኮቴ ብቻ ይሰማል። ዌልስ በዚህ ፊልም ውስጥ የሚታየው በጠቅላላው ለጥቂት ደቂቃዎች ብቻ ነው፤ ሆኖም ፊልሙን የሚያስታውስ ሁሉ የሚያስታውሰው እርሱን ነው።

እኛ በሥራው ውስጥ ያለን ሰዎች የምንቀናበት ደግሞ ሌላ ነገር አለ። ሪድ ሌሊቱን ያበራው በብዙ መብራት ሳይሆን በውሃ ነው። የከተማይቱን የእሳት አደጋ ሠራተኞች ለምኖ የድንጋዩን ንጣፍ ያስረጨው ነበር፤ የረጠበው ድንጋይ ጥቂቱን ብርሃን አብዝቶ ይመልሳልና። በአንድ ግድግዳ ላይ ሲሮጥ የሚታየው ትልቅ ጥላ የዌልስ አይደለም፤ ረዳት አዘጋጁ ጋይ ሃሚልተን ካፖርት ለብሶ የሮጠው ነው። በፍሳሹ ቦይ መጨረሻ ላይ ከብረት ፍርግርግ ወጥተው አየር የሚዳስሱት ጣቶችም የካሮል ሪድ የራሱ ጣቶች ናቸው። ካሜራውንም አብዛኛውን ጊዜ አጋድሎ ስለ ያዘው፣ የሙያ ባልደረባው ዊልያም ዋይለር ፊልሙን ካየ በኋላ ውሃ ልክ ገዝቶ እንደ ላከለት ሪድ ራሱ ተርኮአል። ቀልዱ መልካም ነው። ይሁን እንጂ የተጋደለው ካሜራ አልነበረም፤ ከተማይቱ ነበረች።

የሙዚቃውንም ነገር ሳናነሣ አናልፍም። ሪድ በቪየና ዚተር የተባለውን፣ በጠረጴዛ ላይ ተጋድሞ የሚመታውን ባለ ብዙ ክር መሣሪያ አንቶን ካራስ ከተባለ የመጠጥ ቤት ተጫዋች ሰማና ሰውየውን ወደ ለንደን ወሰደው። በፊልሙ ውስጥ ሌላ መሣሪያ የለም ለማለት ይቻላል። አንድ በገና ደርዳሪ ብቻውን አንድ ሌሊት ሙሉ ሕዝብን ማቆየት እንደሚችል የምናውቅ እኛ በዚህ ልንደነቅ አይገባንም፤ ዓለም ግን ተደነቀ። ዜማው በ1950 በአሜሪካ ለ11 ሳምንታት አንደኛ ሆኖ ቈየ።

አሁን ወደ ዋናው ነገር እንመጣለን። ማርቲንስ ከላይም ጋር በአንድ ግዙፍ መንኰራኵር ላይ ተሳፍሮ ከከተማው በላይ ከፍ ይላል። ላይም ወደ ታች እያመለከተ፣ ከዚህ ሲታዩ ሰዎቹ ነጥቦች ብቻ እንደ ሆኑ፣ አንዱ ነጥብ መንቀሳቀሱን ቢያቆም ማን እንደሚያዝን፣ ለቆመው ነጥብ ሁሉ ገንዘብ ቢከፈለውስ እምቢ ይል እንደ ሆነ ይጠይቀዋል። አነጋገሩ ለስላሳ፣ ፊቱም የወዳጅ ፊት ነው። ተመልካቹም እንደ ማርቲንስ ያመነታል። እኛም በመጀመሪያ ባየነው ጊዜ ለላይም ማድላታችንን አንሸሽግም። ማርቲንስ ጓደኛውን አሳልፎ ለመስጠት አንድ ጊዜ እሺ ብሎ ሐሳቡን ይለውጣል። በዚህ ጊዜ ካሎዌይ ወደ አውሮፕላን ማረፊያ እየሸኘው ሳለ፣ ለጥቂት ጊዜ አንድ ቦታ እንቁም ብሎ ወደ ሕፃናት ሆስፒታል ያስገባዋል። በአልጋዎቹ ላይ ያሉት ያንን ውሃ የገባበት ፔኒሲሊን ለማጅራት ገትር የተወጉ ልጆች ናቸው።

ሪድ አንድም ሕፃን አላሳየንም። የአልጋዎቹ ጠርዝ ይታያል፤ ነርሶች በዝግታ ያልፋሉ፤ የማርቲንስ ፊት ወደ አልጋው ጐንበስ ሲል፣ ከዚያም ቀና ሲል እናያለን። አንዲት ነርስ አንድ የድብ አሻንጉሊት አንሥታ ትጥላለች። በቃ። ትርኢቱ ከሁለት ደቂቃ አይበልጥም፤ አንድም ንግግር አያስፈልገውም። ከዚያ በኋላ ላይም ያለቀለት ሰው ነው።

በኮልፌ ይህን ክፍል ባሳየን ማታ፣ ጋቢያቸውን እስከ ዓይናቸው ተከናንበው ከፊት የተቀመጡ አንዲት እናት «ልጆቹን ለምን አያሳዩንም?» ብለው ጠየቁ። እኛ ስለ ሪድ ጥበብ ለማስረዳት ስንዘጋጅ፣ ከኋላ አንድ ሽማግሌ ቀድመው «እትዬ፣ ቢያሳዩሽ ታያቸው ነበር? ፊትሽን ታዞሪ ነበር እንጂ» አሉ። ከዚህ የተሻለ ማብራሪያ በመጻሕፍት ውስጥ አላገኘንም።

ማርቲን ስኮርሲዚ የተባለው ታላቅ የአሜሪካ ፊልም ሠሪ በኒውዮርክ ተማሪ ሳለ ስለዚህ ፊልም ረዘም ያለ ጽሑፍ ጽፎ ለመምህሩ እንደ ሰጠ፣ መምህሩም ውጤቱን ከሞላ በኋላ «ተወው፣ ተራ የሚያስደነግጥ ፊልም ነው» የሚል አስተያየት እንዳሰፈረበት እርሱ ራሱ ተናግሮአል። ተማሪው ግን አልተወውም። በ2006 በወጣው «ዘ ዲፓርትድ» በተባለው ፊልሙ ውስጥ፣ በመቃብር ስፍራ አንዲት ሴት አንዱን ሰው ሳታየው ስታልፍ የሚያሳየው ክፍል ከ«ሦስተኛው ሰው» መጨረሻ የተወሰደ ነው። ይኸው ሰው የቈዩ ፊልሞችን ለማደስ ያቋቋመው ድርጅት፣ የኃይሌ ገሪማን «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት» በጣሊያን አገር በቦሎኛ ከታደሱት ፊልሞች መካከል አስገብቶታል። ኃይሌ በ1974፣ ዘውዳዊው መንግሥት በሚወድቅበት ሰሞን፣ ያንን ፊልም በአገር ቤት ያነሣው ያለ ቀለም ነበር። ከዚያ ቀደም በ1957 ዓ.ም. በእላላ ኢብሳ ድርሰትና በላምብሮስ ጆካሪስ አዘጋጅነት የተሠራው የመጀመሪያው ረዥም የኢትዮጵያ ፊልም «ሂሩት አባቷ ማን ነው?»ም ያለ ቀለም ነው። ጥላና ብርሃን በሲኒማችን ውስጥ የውጭ ፋሽን አለመሆኑን ለማስታወስ ያህል ነው።

ከዚህ ላይ ወደ ሆስፒታላችን እንመለስ። የልዕልት ዘነበወርቅ ሆስፒታል በ1934 ለሥጋ ደዌ ሕሙማን ተቋቋመ። በ1965 ለመላው አፍሪካ የሥጋ ደዌ ሕክምና ማሠልጠኛ እንዲሆን አለርት ተመሠረተ፤ በ1970ም በአጠገቡ የአርማወር ሃንሰን የምርምር ተቋም ተከፈተ፤ ስሙም የበሽታውን ተሕዋስ በ1873 ባገኘው በኖርዌያዊው ሐኪም ስም የተሰየመ ነው። ለዚህ በሽታ ዋናው መድኃኒት ለብዙ ዓመታት ዳፕሶን ነበር፤ ዋጋው ርካሽ፣ በአፍ የሚዋጥ ክኒን፣ ግን ዘመን ሙሉ ሊወሰድ የሚገባው። መድኃኒቱ በሕሙማኑ ላይ ብርቱ ሕመም ያስነሣል ተብሎ ስለ ተፈራ በአያሌ ቦታዎች መጠኑ እንዲያንስ ተደረገ። በ1970ዎቹ ግን በአዲስ አበባ የሚሠሩ ሐኪሞች ተሕዋሱ ዳፕሶንን እየለመደና እየተቋቋመ መምጣቱን አስታወቁ፤ ትንሽ መጠን መስጠቱ፣ መድኃኒቱም ብቻውን መሰጠቱ ለዚህ ምክንያት ከሆኑት መካከል ነበሩ። ደካማው ተሕዋስ ይሞታል፤ ብርቱው ይተርፋል፤ የተረፈውም ይራባል። በ1981 የዓለም ጤና ድርጅት የጠበብት ጉባኤ ዳፕሶን ብቻውን እንዳይሰጥ፣ ከሪፋምፒሲንና ከክሎፋዚሚን ጋር ተባብሮ እንዲሰጥ መከረ። ዛሬ በሽታው የሚድን በሽታ የሆነው በዚህ ነው።

ሁለቱን ነገሮች አንድ እንደ ሆኑ አድርገን ማቅረባችን አይደለም። ላይም ውሃ የጨመረው ለገንዘብ ነው፤ ሐኪሞቹ መጠኑን የቀነሱት ለሕሙማኑ ራርተው ነው፤ ስሕተቱንም ፈልገው ያገኙትና ለዓለም የገለጡት ራሳቸው ሐኪሞቹ ናቸው። ተሕዋሱ ግን የሰጪውን አሳብ አይመረምርም፤ የሚያውቀው መጠኑን ብቻ ነው። በፊልሙም ውስጥ ካሎዌይ የላይምን ወንጀል ሲዘረዝር ስለ ሞቱት ብቻ አይናገርም። የማርያ ቴሬዛን ብር እንክብሉን ቈጥረን እንለየው ነበር፤ በጠርሙስ ውስጥ ያለውን ግን እናት በምን ትቈጥረዋለች? ሐኪሙን አምና ልጇን ትሰጣለች እንጂ። ላይም የሰረቀው ይህንን እምነት ነው፤ በሆስፒታሉ ትርኢት ውስጥ የማርቲንስን ፊት የለወጠውም ይህ ይመስለናል።

ስለ ራሳችንም አንድ ነገር መናገር ይገባናል። ከጥቂት ዓመታት በፊት ስለ ሰፈሩ አጭር ፊልም ሠርተን ነበር። ፊልሙ የሚጀምረው በሽታው ጣቶቻቸውን ከጐዳባቸው አንዲት እናት እጅ ነበር፤ ካሜራውን አቅርበን፣ ብርሃኑን ከጐን አድርገን፣ ጥላው በጣቶቹ ጐድጓዳ ውስጥ እንዲወድቅ ተጠበብን። እርሳቸውም ፈቅደውልን ነበር። የጥላ ፊልም ጥበብ ተማርን ብለን ኰራን። በዚያው ግድግዳ ላይ ባሳየን ማታ ግን እናቲቱ እጃቸው ከግድግዳው ሞልቶ ሲያዩት ምንም ሳይናገሩ ተነሥተው ወጡ። ሌሎችም ተከተሉአቸው። ከመንኰራኵሩ ላይ ሆነን ሰውን ነጥብ አድርገን እንዳየነው የገባን በኋላ ነው፤ እኛ ያየነው ከሩቅ ሳይሆን እጅግ ከቅርብ ቢሆንም ቅሉ ሰውየው እንደ ሆነ አልታየንም ነበር። ይቅርታ ለመጠየቅ በማግስቱ ሄድን። «እጄን እኔም አውቀዋለሁ» አሉን፤ ቡናም አፈሉልን።

«ሦስተኛው ሰው»ን ደግመን ያየነው ከዚያ በኋላ ነው። በዚህ ጊዜ ከደጃፉና ከድመቲቱ ይበልጥ የያዘን መጨረሻው ሆነ። ላይም በፍሳሹ ቦይ ውስጥ በማርቲንስ ጥይት ሞቶ ይቀበራል፤ ይህ ሁለተኛው ቀብሩ ነው። ላይምን የምትወደው አና ከመቃብሩ ወጥታ ቅጠላቸው በረገፈ ዛፎች መካከል በተዘረጋው ረዥም መንገድ ላይ ብቻዋን ትሄዳለች። ማርቲንስ ከመኪና ወርዶ በመንገዱ ዳር ይጠብቃታል። ግሪን ሁለቱ እንዲታረቁ ፈልጎ ነበር፤ ሪድ እምቢ አለ፤ ደራሲውም ሪድ ትክክል እንደ ነበር ኋላ አምኖአል። ካሜራው አይንቀሳቀስም። አና ከሩቅ እንደ ነጥብ ትታያለች፤ እየቀረበች፣ እያደገች፣ መልክና እርምጃ ያላት ሙሉ ሰው እየሆነች ትመጣለች፤ ከአንድ ደቂቃ በላይ ይፈጃል። ወደ ማርቲንስ ዘወር ሳትል አልፋው ትሄዳለች። በመንኰራኵሩ ላይ የተነገረው የነጥብ ነገር መልሱን የሚያገኘው እዚህ ይመስለናል፤ ምንም ንግግር ሳይኖር።

የኛንም ፊልም እንደገና አነሣነው። የእጁን ትርኢት ቈርጠን አወጣን። ካሜራውን ከሆስፒታሉ አጥር ውጭ፣ ባሕር ዛፍ በበዛበት መንገድ ዳር አቆምነውና እንዳይነካ ተስማማን። እናቲቱ የጥልፍ ሥራቸውን በዘንቢል ይዘው ከሩቅ መጡ፤ ነጠላቸውን አስተካከሉ፤ ቀረቡ፤ እኛን ሳያዩ አለፉን። አንድ ደቂቃ ከአሥር ሰኮንድ ፈጀ። ፊልሙን በግድግዳው ላይ ያሳየናቸው ማታ እስከ መጨረሻው ተቀምጠው ተመለከቱ። መብራቱ ሲበራ ወደኛ ዞረው፣ «ጫማዬ አቧራ ነበረበት፤ ቀድማችሁ ብትነግሩኝ እጠርገው አልነበረም?» አሉን።